በቁራኛ የተበላ ምሳ

አያ ደሴ ማረፉን በስልክ የነገረኝ ጋሼ ፋንታሁን ነው። «ትዕግሥት፣ ደሴ አመለጠን» አለና ማልቀስ ጀመረ። እኔ ሥራዬ ድምፅ መቅረጽ ስለሆነ አንድ መጥፎ ልማድ አለብኝ፤ ሰው እያለቀሰም ቢሆን ከኋላው ምን ይሰማል ብዬ አዳምጣለሁ። ከኋላው የሆስፒታል ኮሪደር ነበር። ጎማው የሚንጫጫ አልጋ ይገፋል፣ አንዲት ሴት «ወንድሜን! ወንድሜን!» ትላለች። ያን ሰሞን በተኩሱ ሳቢያ ከተማው ተዘግቷል፤ ባጃጅ የለም፣ ታክሲ የለም። አስከሬኑን ጎረቤቶቹ በትከሻቸው ተሸክመው ሰፈሩ ካለው ቤተ ክርስቲያን ቀበሩት። እኔ የምኖረው ከተማው ሌላ ጫፍ ላይ ነውና አልደረስኩም። እናቱም ከደምቢያ መምጣት አልቻሉም። ቤቴ ውስጥ ወዲያና ወዲህ እያልኩ ግድግዳውን ስሰድብ ዋልኩ።

አያ ደሴን ጎንደር ውስጥ በስሙ የሚያውቀው ጥቂት ሰው ነው። ገበያ ሲወጣ «መሪጌታ!» ብለው ነበር የሚጠሩት፣ መድረክ ላይ በተጫወተው ሰው ስም። ቀን ቀን ልብስ ሰፊ ነበር። ሜትሩን ከአንገቱ ሳያወርድ ልምምድ ይመጣል፤ ክር በጥርሱ መበጠስ ስለለመደ ንግግሩንም እንደዚያው በጠስ ያደርገዋል። አንድ ነገር ሲያዳምጥ ዐይኑን ጨፍኖ ሌባ ጣቱን ያነሣል። ጣቱ እስኪወርድ ማንም ትንፍሽ አይልም። ከዚያ አብዛኛውን ጊዜ የሚለው አንድ ነገር ነው። «ሸጋ ነው፤ ግን አልሰማሁትም።» ስንት ጊዜ በዚህ ንግግሩ የጆሮ ማዳመጫዬን ወርውሬያለሁ መሰላችሁ!

የምንጫወተውን ተውኔት የጻፉት ጡረታ የወጡ አንድ አስተማሪ ናቸው። ታሪኩ የድሮ ነው። አንድ መሪጌታ ከእህቱና ከአንድ ሸማኔ ጋር ሆኖ የቀጥቃጭና የሸክላ ሠሪ ልጆችን ሰብስቦ ፊደል ያስቆጥራል። ሦስቱም በየገበያው እየዞሩ «በእጁ የሚሠራ ሰው አይናቅ፣ ቡዳ አይባል» እያሉ ይናገራሉ። የአገሩ ፊታውራሪ «አገር አበላሹ» ብሎ ይከሳቸዋል። ዳኛው ነገሩን በቀጠሮ ያሳድረውና በዘመኑ ልማድ ከሳሽና ተከሳሽን በቁራኛ ያስራቸዋል። ፊታውራሪውና መሪጌታው በአንድ ሰንሰለት እጅ ለእጅ ተቆራኝተው እስከ ፍርዱ ቀን አብረው ይውላሉ፣ አብረው ያድራሉ። መጨረሻ ላይ አንዲት የቀጥቃጭ ሚስት ምግብ ይዛ ትመጣለች። ፊታውራሪው ከእሷ እጅ አልበላም ይላል። መሪጌታው ደግሞ «አንተ ሳትበላ እኔም አልበላም» ብሎ ይራባል። በስተመጨረሻ ፊታውራሪው ምንም ሳይናገር እጁን ዘርግቶ ይቆርሳል፤ መጋረጃው ይዘጋል። እዚህ ላይ አዳራሹ ሁሌም ያለቅስ ነበር።

ፊታውራሪውን የሚጫወተው ጋሼ ፋንታሁን ነው። እህል ነጋዴ ነው፤ ድምፁ ደረቱን አልፎ ሆዱ ድረስ የሚወርድ፣ ሲስቅ ጆንያ የሚያራግፍ ይመስላል። እሱና አያ ደሴ ደምቢያ ውስጥ ከኮላ ድባ ወጣ ብላ ካለች አንዲት መንደር አጥር ለአጥር ያደጉ ናቸው። ይዋደዱ ነበር። አንድ ነገር ብቻ ነበር በመካከላቸው። የአያ ደሴ ሚስት እትዬ ትርንጎ የቀጥቃጭ ልጅ ናት። መድረኩ ላይ የሚታሰሩበትን ሰንሰለት ራሱን የሠሩት ነፍሳቸውን ይማርና አባቷ ናቸው። ጋሼ ፋንታሁን ከእሷ እጅ እህል ቀምሶ አያውቅም። አልበላም ብሎም አያውቅም። «ጾም ነኝ» ነው የሚለው። ፍስክ በሆነ ቀን ደግሞ የማናውቀው ጻድቅ ጾም ይገጥመዋል። ጎንደር ውስጥ ያን ያህል የጾመ ነጋዴ የለም እያልኩ እቀልድበት ነበር። አያ ደሴ ግን በዚህ ቀልድ አይስቅም።

የማይስቀው ያቺን «ጾም ነኝ» መጀመሪያ የሰማት ከእናቱ ስለሆነ ነው። እንደተጋቡ እትዬ ትርንጎን ይዟት መንደር ወረደ። እናቱ እማሆይ ግቢው ውስጥ ካለው ዋርካ ሥር አስቀመጧቸው፣ ጤናዋን ጠየቁ፣ መረቋትም። ቤት ግቡ ግን አላሉም። ይዛ የሄደችውን ድፎ «ጾም ነኝ» ብለው ሳይነኩት ቀረ። ከዚያ ወዲህ አያ ደሴ ብቻውን ነው የሚሄደው። «እናቴን አልጠላትም» አለኝ አንድ ቀን እጅጌ እየተኮሰ። «ትርንጎንም አልተዋትም። ከሁለቱ መሀል ሆኜ አረጀሁ እኮ፣ አንቺ ልጅ።»

ማምሻውን ሰው መሰብሰብ አይችልም ተብሎ አዳራሹ ሲዘጋ የቲያትር ክበባችን ሊበተን ደርሶ ነበር። ተውኔቱን ለሬዲዮ እንቀይረው የሚለውን ሐሳብ ያመጣው አያ ደሴ ነው። ሌሎቻችን ሥራ እንዳንፈታ ነበር ጭንቀታችን። የእሱ ሌላ ነው። «እናቴ አዳራሽ አትመጣም» አለ። «የመጣው ሕዝብ አጨብጭቦ፣ እንባውን ጠርጎ ቤቱ ይገባል። ሬዲዮው ግን ከእናቴ ትራስ ሥር ነው ያለው። እሷ ትስማው። ትርንጎ ሳልሞት እናቴ ቤት ገብታ እህል ትቅመስ፤ ሌላ ምንም አልፈልግም።» ስኳር በሽታው ያን ጊዜ እግሩን መጎተት ጀምሮት ነበር።

መቅረጫ ክፍላችን ግቢው ውስጥ ያለች የእሱ የቆርቆሮ ዕቃ ቤት ናት። ግድግዳዋን በፍራሽና በብርድ ልብስ ለበጥናት። በሩ ሲዘጋ ጋን ውስጥ የገባን ያህል እንታፈናለን፤ ላብ ከአገጫችን ጽሑፉ ላይ ይንጠባጠባል፤ ማራገቢያ ደግሞ ስለሚጮህ አይከፈትም። ውጭው ከውስጡ አይሻልም። እንፍራንዝ መሄድ የለም፣ ኮላ ድባ መሄድ የለም፣ ዛሬ የተከፈተው መንገድ ነገ ይዘጋል። ምሳ እዚያው እትዬ ትርንጎ ቤት ነበር የምንበላው፤ ጋሼ ፋንታሁን ሲቀር። እሱ ጾሙን ይዞ ግቢው ውስጥ ድንጋይ ላይ ይቀመጣል። እትዬ ትርንጎ ለባሏ ሕመም ስትል ወጡን አልጫ ነው የምታደርገው። አያ ደሴ የመጀመሪያዋን ጉርሻ እንደዋጠ «ጨው አንሶታል» ይላል። እሷ «ሐኪሙን ጠይቅ» ትላለች። በየቀኑ ይህንኑ ይባባላሉ፤ የማዕዱ ጸሎት ይመስል።

የከበደን ያ የመጨረሻው ትዕይንት ነው። ፊታውራሪው ዝም ብሎ ነው የሚበላው። መድረክ ላይ ዝምታው ይታያል፤ በሬዲዮ ግን ዝም ያለ ሰው የለም ማለት ነው። «እሺ፣ ልብላ» የምትል አንዲት ቃል እናስገባለት ብዬ ለመንኩት። «ኧረ ተይኝ እቴ!» አለኝ አያ ደሴ። «በላሁ ብሎ የሚያወራ ሰው አልበላም ማለት ነው።» ከዳቦ ቤት ዳቦ ገዝተን ጋሼ ፋንታሁን ሲያኝክ ቀረጽነው። መልሰን ስናዳምጠው ገለባ የሚበላ አህያ ነው። አያ ደሴ ጣቱን አወረደ። «ሸጋ ነው፤ ግን አልሰማሁትም።»

ከትንሣኤ በኋላ ባለው አንድ ቀን ያንኑ ትዕይንት እንደገና ልንሞክር ገባን። አያ ደሴ እንደ ልማዱ በሰንሰለቱ ካልታሰርን አለ። «ሬዲዮ እኮ ነው፣ ማን ያይሃል?» ብዬ ብጠይቀው «የታሰረ ሰው ትንፋሹ ሌላ ነው» አለኝ። የእሱ ግራ እጅ ከጋሼ ፋንታሁን ቀኝ እጅ ጋር ተቆለፈ። ወዲያው መብራት ጠፋ። የመድረክ ዕቃ ጠባቂያችን አስናቀ፣ አዘዞ ከምትኖረው እህቱ ቤት ጄኔሬተር ላምጣ ብሎ ከነፈ። የሰንሰለቱ ቁልፍ ኪሱ ውስጥ ነበር። እሱም ልብ አላለውም፣ እኛም ልብ አላልንም።

ምሳ ሰዓት ደርሶ አያ ደሴ የስኳሩን መርፌ እንደተወጋ ተኩስ ተሰማ፤ ከሩቅ መስሎን ነበር፣ ሩቅ አልነበረም። እትዬ ትርንጎ ከድንጋዩ ቤት በር ላይ ቆማ «ምነው ቆርቆሮ ሥር ትቆማላችሁ! ግቡ እንጂ!» አለች። እኔ በባትሪ የሚሠራውን ትንሹን መቅረጫ አንገቴ ላይ እንዳንጠለጠልኩ ሮጥኩ። ጋሼ ፋንታሁን ደጃፉ ላይ ሲደርስ ቆም አለ። ሁለተኛው ተኩስና የአያ ደሴ ክንድ አንድ ላይ ወደ ውስጥ ጎተቱት። ያን ቤት ሲረግጥ የመጀመሪያው ነበር።

አስናቀ ደወለ። መንገዱ ተዘግቷል፣ ነገ ካልሆነ አልመጣም አለ። እትዬ ትርንጎ ሰንሰለቱን አየችና «መጋዝ ልፈልግ?» ስትል አያ ደሴ «የአባትሽን ሥራ? አይሆንም» አለ። እሷም አልደገመችውም። የፋሲካው ወጥ ቀረበ። ማስታጠቢያውን ይዛ መጣችና ባሏን አስታጠበች፣ እኔን አስታጠበች፣ ወደ ጋሼ ፋንታሁን ዞረች። እሱ እጁን ሊሰበስብ ሲል ሰንሰለቱ ያዘው።

«እኔ ጾም ነኝ» አለ።

 እትዬ ትርንጎ ውኃውን እንዳንቆረቆረች ቀረች። «ጋሼ ፋንታሁን» አለች ቀስ ብላ፣ «በዓለ ሃምሳ እኮ ነው።»

ከፋሲካ እስከ ጰራቅሊጦስ እሮብና ዓርብ እንኳ እንደማይጾም ሕፃን ልጅ ያውቃል። ያ ሁሉ ዓመት ያገለገለችው ቃል በማይሆን ቀን አፉ ላይ መጣችበት። ፊቱ በርበሬ መሰለ። «የግል ስለት ነው» አለ መሬት መሬት እያየ።

«እንግዲያው እኔም ስለት አለብኝ» አለ አያ ደሴ። «አንተ ሳትበላ አልበላም።»

«መርፌ ተወግተህ ካልበላህ እኮ ትወድቃለህ!» ብዬ ጮህኩ። አልሰማኝም። መጀመሪያ ተውኔቱን የሚጫወት መስሎኝ ነበር፤ ቃሉ የመሪጌታው ቃል ነውና። ቆየት ሲል ግንባሩ ላይ ላብ ፈሰሰ፣ ከንፈሩ ነጣ፣ ጉልበቱ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ስኳር ያለው ነገር አምጥቼ አፉ ላይ ብደቅንለት ጥርሱን ገጠመ። መውጣት የለም፣ ሐኪም መጥራት የለም። ውጭ ተኩስ፣ ውስጥ አንድ ግትር ሰውና አንድ የሚፈራ ሰው በአንድ ብረት ታስረዋል። ሁለቱንም በጥፊ ማለት አማረኝ።

ያን ጊዜ እትዬ ትርንጎ ማስታጠቢያውን አስቀመጠች። «ፋንታሁን ወንድሜ፣ ግትርነቱን ታውቀዋለህ፣ ይሞትብኛል» አለች። «እኔ አላይህም። ፊቴን እሸፍናለሁ። ብላለት።» ነጠላዋን ዐይኗ ድረስ ሳበችና ወደ ግድግዳው ዞራ ተቀመጠች። በገዛ ቤቷ፣ በገዛ ማዕዷ ላይ፣ ዐይኗ ሰው እንዳይጎዳ ተሸፍና። እንዲህ ያለ ውርደት በዐይኔ አይቼ አላውቅም። ተኩሱ ጨርሶ ጠፋብኝ።

ጋሼ ፋንታሁን ጀርባዋን አየ።  ከዚያ ያ ጆንያ የሚያራግፍ ድምፁ እንደ ልጅ ድምፅ ቀጥኖ «ዙሪ፣ እቴ» አለ። «ነጠላሽን አውርጂው። እያየሽኝ ነው የምበላው።» እጁን ሲዘረጋ ሰንሰለቱ ይንቀጠቀጥ ነበር። ቆረሰ። ሰንሰለቱ እየተንቀጠቀጠ እስከ አፉ ወጣ። ሲያኝክ ዝም አለ፣ ሲውጥ ጉሮሮው ተሰማ፤ እንደገና እጁ ወረደ፣ እንደገና ቆረሰ፣ ይህኛውን ግን ለአያ ደሴ አጎረሰው።

አያ ደሴ ዋጠና ዐይኑን ገለጠ። «ጨው አንሶታል» አለ።

እትዬ ትርንጎ «ሐኪሙን ጠይቅ» ልትል ጀመረች፤ ልቅሶዋ ቀደማት። እኔም አለቀስኩ፤ እያለቀስኩ ሳቅኩ።

አንገቴ ላይ ያለው መቅረጫ ቀይ መብራቱ እየበራ መሆኑን ያየው ጋሼ ፋንታሁን ነው። ለካ ስሮጥ ሳልዘጋው ነው። «ላጥፋው?» አልኩት።  «አንገቴን የደፋሁበት ቀን ነው» አለ፤ ቀጥሎም «አስገቢው። የፊታውራሪውን አበላል ስትፈልጉ አልነበር?» አለኝ። የእኛን ንግግር ቆርጬ አወጣሁት። የቀረው የሰንሰለቱ መንቀጥቀጥ፣ ዝምታውና ያ የጉርሻው አወራረድ ነው። አያ ደሴ ዐይኑን ጨፍኖ ጣቱን አንሥቶ እስከ መጨረሻው አዳመጠ። ጣቱን አወረደና «ሰማሁት» አለ። ከእሱ አፍ ይህን ቃል የሰማሁት ያን ዕለት ብቻ ነው።

ተውኔቱ በሬዲዮ ተላለፈ። አያ ደሴ ከመንደር ለገበያ የመጣ ሰው ባገኘ ቁጥር «እናቴ ሰማች? ምን አለች?» እያለ ይጠይቃል። በመጨረሻ አንዱ ነገረው። እማሆይ ተውኔቱን እስኪያልቅ አዳምጠው ምንም ሳይናገሩ ሬዲዮውን ዘግተውታል። «ምንም?» አለ አያ ደሴ። ምንም። መንገዱ ደግሞ እንደገና ተዘጋ፤ ራሱ ሄዶ እንዳይጠይቃቸው እግሩ ከአልጋ አላወርድ አለው። መልሱን እንደጠበቀ ሞተ። ይህን ሳስበው ዛሬም ይቆጨኛል።

መንገዱ የተከፈተው ሙት ዓመቱ ሳይደርስ ነው። እትዬ ትርንጎ እማሆይን ለቅሶ ልትደርስ ቆረጠች፤ ጋሼ ፋንታሁን እኔ ነኝ የምወስድሽ አለ። አገልግሉን በጾም ወጥ ስትሞላ አጠገቧ ነበርኩ። ለምን እሮብን እንደመረጠች ጠየቅኋት። «ጾም ነኝ ቢሉኝ እውነት እንዲሆንላቸው ነዋ» አለችኝ። «አሮጊት መነኩሲት በእኔ ምክንያት ለምን ይዋሻሉ?» እኔም አብሬ ልሄድ ነበር፤ አዘዞ ስደርስ ግን የእነሱ መኪና አልፏል፣ የእኔን ሚኒባስ ኬላ ላይ መለሱት። እንደገና እቤቴ ተዘጋሁ።

ረፋዱ ላይ ጋሼ ፋንታሁን ደወለና «ደርሰናል፣ አንቺም ስሚ» ብሎ ስልኩን ሳይዘጋ ኪሱ ውስጥ ከተተው። ልቅሶ ሰማሁ። ልቅሶው ሲበርድ ወፍ ሰማሁ፤ ውጭ ናቸው፣ ዋርካው ሥር። የእማሆይ ድምፅ ቀጭን ነው።

«ፋንታሁን፣ ያ ሰንሰለት እየተንቀጠቀጠ የበላኸው እውነት ነው ይላሉ። ከማን ቤት ነው?»

«ከእሷ ቤት ነው እማሆይ።»

«ኋላ አመመህ?»

«ምንም አላመመኝም። ያመመኝ ሳልበላ የኖርኩት ነው።»

 ከዚያ እማሆይ «እኔ ጾም ነኝ» አሉ።

«አውቃለሁ እማሆይ፣ እሮብ ነው» አለች እትዬ ትርንጎ። «እኔም ጾም ነኝ። ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን አብረን እንፈታለን።» ስልኩ ተቆረጠ።

እስከ ዘጠኝ ሰዓት ምን ሠራሁ ብትሉኝ አላውቅም። ወዲያና ወዲህ እያልኩ ነበር መሰለኝ። ስልኩ ሲጮህ አንሥቼ «ሃሎ» ብል የሚመልስ የለም። ወፏ የለችም። ድምፁ ጠበብ ብሏል፤ ጣሪያ ያለበት ቦታ ነው፣ ቤት ውስጥ ናቸው! ውኃ ሰማሁ፣ ከማስታጠቢያ እጅ ላይ ሲፈስ። የአገልግል ክዳን ተከፈተ። ከዚያ ምንም። ዐይኔን ጨፍኜ፣ ሳላውቀው ሌባ ጣቴን አንሥቼ ቆምኩ። ይበሉ፣ አይበሉ ማየት አልችልም፤ ጆሮዬ ብቻ ነው ያለው። ሰንሰለት የለም። የሚያኝክ ሰው አይሰማም፤ ጥርስ የሌላቸው አሮጊት ናቸው። ስልኩን ከጆሮዬ አጥብቄ ያዝኩ።

«አንቺ የልጄ ሚስት» አሉ እማሆይ፣ «ጨው አንሶታል።»